የአባባ የሌሊት በረራ

ረቡዕ

አልጮህኩም። ይቺን ለራሴ ልጻፋት፤ አልጮህኩም። ፍፁም ከዱባይ ሲደውል ኩሽና ቆሜ ሽንኩርት እየከተፍኩ ነበር። «ሰኒ፣ ብቻሽን ነሽ?» አለኝ። ዳዊት፣ ወንድሜ፣ ተኝቶ አልተነሳም። በቃ፣ ይኸው ነው። ትናንት ከሥራ ገብቶ ራሴን አሞኛል ብሎ ጋደም አለ፤ ጠዋት ፍፁም ሊቀሰቅሰው ሲሄድ በድን ሆኖ አገኘው። ፍፁም አብሮት የሚኖር ጓደኛው ነው፤ እያለቀሰ ነው የነገረኝ። ስልኩን ዘጋሁና ሽንኩርቱን ከትፌ ጨረስኩ። ሰው ምን ዓይነት ፍጥረት ነው? ወንድሙ ሞቶ ሽንኩርት ይከትፋል!

አባባ ሳሎን ነበር። ኮምፒውተሩ ላይ አውሮፕላኑን ሊዝበን ሊያሳርፍ ነው። ድምፁ ይሰማኛል፤ «ክቡራትና ክቡራን መንገደኞቻችን፣ በስተግራ በኩል የምታዩት የአትላንቲክ ውቅያኖስ ነው...» ዕድሜ ልኩን ጂኦግራፊ ያስተማረ ሰው መንገደኛ ካገኘ አይለቅም። እኔ የኩሽናውን በር ገፋ አድርጌ ፎጣ አፌ ውስጥ ጠቀጠቅሁ።

ያንን ጨዋታ ያመጣለት ዳዊት ነው። ጨዋታ ስለው ይቆጣል፤ «ሲሙሌተር በይ!» ዳዊት የመጨረሻ ጊዜ ለእረፍት ሲመጣ ኮምፒውተሩን፣ ጆይስቲኩን፣ ሁሉን ተሸክሞ መጥቶ ሳሎን ዘረጋና አስተማረው። የዓለምን ካርታ በቃሉ የሚያውቅ፣ አንድ ቀን አውሮፕላን ላይ ወጥቶ የማያውቅ ሰው! ከዚያ ወዲህ ትልቁን የመንገደኛ ጄት ይዞ ያልደረሰበት አገር የለም። ምሳ ቀርቧል ስለው «ቆይ፣ ቦምቤይ ላይ ነኝ» ይለኛል።

ለጋሼ በቀለ ደወልኩ። የአባባ ታናሽ ወንድም ናቸው፤ ቤታቸው ጌጃ ሰፈር ነው። እየሮጡ መጡና ቤት ሳይገቡ ደረጃው ላይ ቁጭ አሉ። ቢገቡማ ፊታቸው ሁሉን ይናገር ነበር። እንባቸውን በኮታቸው እጅጌ ጠርገው ቁርጡን ነገሩኝ፤ «ሬሳው እስኪመጣ መርዶ የለም። በሚገባበት ቀን ንጋት ላይ የእድሩ ሽማግሌዎች መጥተን፣ ሐኪም ይዘን፣ በወጉ እንነግረዋለን። እስከዚያ ሆድ ይፍጀው።» እዚያው ደረጃው ላይ ተማማልን።

ትክክል ናቸው። እማዬ የሞተች ጊዜ አንድ ደንቆሮ አባባን በስልክ አረዳው። አስፋልት ላይ ወደቀ። በአንድ ሳምንት ሁለቱንም ልናጣ ነበር። ሐኪሙ ያኔ «እንዲህ ያለ ድንጋጤ ሁለተኛ አይችልም» ብሎናል። ደም ግፊቱ እንደሆነ አሁንም በኪኒን ነው የሚኖረው። እና ዝም እላለሁ። አባቴን አልገድልም።

የኔን ሆድስ ማን ይጠይቀው? እማዬ ስትሞት ዳዊት ገና ጥርሱን የሚነቅል ልጅ ነበር። ደብተሩን የሸፈንኩት እኔ፣ ቅማሉን የለቀምኩት እኔ፣ ሲጋራ ሲያጨስ ይዤው በጥፊ ያልኩት እኔ። ወንድም የሚለው ስሙ ነው እንጂ ልጄ ነው።

ማታ አባባ አየር ልቀበል ብሎ ወረደ። ቆይቶ መጣ። ራት አልበላም። እኔም አልበላሁ፤ ሁለታችንም «ጠግቤያለሁ» ተባባልንና ሳህኑን አነሳሁ።

ሐሙስ

ጉድ ነው መቼም። እድሩ ሰምቷል፤ አባባ ብቻ ነው ያልሰማው። ኮንዶሚኒየም ገባን እንጂ እድራችን የድሮው ነው፤ ከፈረሰው ሰፈር ተከትሎን መጥቷል። ምድር ቤት የሚኖሩት እትዬ ዘነበች ጠዋት ደረጃው ላይ ሲያገኙት አቅፈው አልለቅም አሉ። «መምህር፣ ደህና ነዎት? በጣም ደህና ነዎት? ጤናዎ?» ትናንት አይደለም እንዴ ስለ ውሃ መቆራረጥ የተጣላችሁት! ከኋላቸው ሆኜ ቀሚሳቸውን ጎተትኩ።

ለውሸቱ ሌሊቱን ሙሉ ተዘጋጅቻለሁ። ቁርስ ላይ፣ ሻዩን እያማሰልኩ፣ ቀና ሳልል፤ «ዳዊት ለሥራ ኦማን ሄዷል አሉ። እዚያ ስልኩ አይሠራም።»

«እሺ» አለ አባባ።

እሺ! በቃ! አባባ እኮ ነው። ኦማን ብዬው የትኛው ከተማ ብሎ ሳይጠይቀኝ ቀረ። በደህናው ቀን ቢሆን ካርታውን አውጥቶ፣ ሙስካት ነው ወይስ ሰላላህ ብሎ፣ ስለ ዕጣኑ፣ ስለ ዝናቡ አስተምሮኝ ሻዬ ይቀዘቅዝ ነበር። አለመጠየቁ አስፈራኝ። «እኔም ከፋርማሲው እረፍት ወጥቻለሁ» አልኩት። ለምን አሁን እንደሆነ፣ ያንንም አልጠየቀኝም።

ከዚያ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጠ። መነሻ፣ ዱባይ። መድረሻ፣ አዲስ አበባ። ክው አልኩ። ከዚህ በፊት በዚያ መንገድ አብርሮ አያውቅም፤ «የዳዊት መንገድ ነው፣ እሱ ያውቀዋል፤ እኔ የማላውቀውን ነው የምፈልገው» ይል ነበር። ሰው የማያውቀው ነገር ይጠራዋል እንዴ? ደም ደምን ይጠራል ሲሉ እሰማለሁ፤ እግዚኦ!

ደግሞ ሰዓቱን ተሳሳተ። ኮምፒውተሩ የሚያውቀው የፈረንጅ ሰዓት ነው። ዳዊት «አባባ፣ ሁልጊዜ ስድስት ጨምር፤ አለዚያ ጨለማ ውስጥ ትገባለህ» ብሎ አስተምሮታል። መጀመሪያ ሰሞን እየረሳው የጠዋቱን ሦስት ሰዓት ሦስት ብሎ ይሞላና መስኮቱ ድቅድቅ ሲልበት «ፀሐይቱን ማን ወሰዳት?» እያለ ያስቀን ነበር። ከዚያ በኋላ ተሳስቶ አያውቅም። ዛሬ ሦስት ብሎ ሞላ፤ ጨለመ።

«አባባ፣ ስድስት መጨመር ረሳህ።»

«ተዪው።»

ረፋዱን ሙሉ፣ ፀሐይ በበረንዳው እየገባች፣ እሱ ጨለማ ውስጥ ሲበር አረፈደ። ለመንገደኞቹ አንድ ቃል አልተናገረም።

ዓርብ

ማልቀሻ ቦታ ፍለጋ ልደታ ማርያም ሄድኩ። ቤተ ክርስቲያን ግቢ ማንም ማንንም ምን ሆነሽ አይልም፤ እዚያ ሁሉም የራሱን ያለቅሳል። ነጠላዬን ፊቴ ላይ ጥዬ፣ ሴቶቹ መሐል ተቀምጬ፣ ድምፅ ሳላወጣ እስኪበቃኝ አነባሁ። አልበቃኝም። ድምፅ የሌለው ለቅሶ ውስጥ ውስጡን ይበላል እንጂ አይወጣም።

ልነሳ ስል አባባን አየሁት። በወንዶቹ በኩል፣ ግድግዳውን ተደግፎ፣ ግንባሩን ድንጋዩ ላይ አድርጎ። ቤት አውሮፕላኑ ላይ ትቼው ነው የወጣሁት፤ መቼ ደረሰ? ያበጠ ዓይኔን እንዳያይ ከአንዲት ወፍራም ሴትዮ ጀርባ ተደበቅሁ። ሲወጣ መሐረብ አውጥቶ ፊቱን ጠረገ። ሙቀቱ ነው ብዬ አሰብኩ። ምን ሙቀት አለ? ብርድ ነው።

ቤት ስገባ ቀድሞኝ ደርሷል። «የት ነበርሽ?» «አብነት፣ ገበያ።» ባዶ እጄን ነበርኩ። እጄን አየ። «አንተስ?» «የትም።» ሁለት ቀጣፊዎች አንድ ቤት።

ከሰዓት ጨለማውን እንደገና ጀመረው። አሁንም ዱባይ፤ አሁንም ያለ ስድስቱ። የሞተሩን ድምፅ ዝቅ አድርጎታል። ሳሎን ሳልፍ ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ አያለሁ። ጠጋ ስል ዝም ይላል። ጥቁሩ መስኮት ላይ የሱ ፊት ይታያል፤ ከጎኑ ደግሞ የኔ። አንድ ጊዜ ሦስት ሰው ያየሁ መስሎኝ ዞርኩ። የዳዊት ኮት ነው፣ በሩ ላይ የተንጠለጠለው።

ማሳረፊያው ሲደርስ ያቺ ከፍታ የምትቆጥር የማሽን ድምፅ አለች አይደል፣ የወንድ ድምፅ፤ ዳዊት እሷን እየቀዳ ሲያሾፍ ነበር የሚውለው። እንጀራ ሲቆርስ፣ ደረጃ ሲወርድ፣ «ሃምሳ! አርባ! ሠላሳ!» ኩሽና ሆኜ ስትቆጥር ሰማሁና፣ እውነቴን ነው፣ «ዳዊ!» ብዬ ወጣሁ። አፌን ያዝኩት። አባባ ዞሮ አላየኝም። መስማቱን ግን ሰምቷል፤ ጀርባው ሰማ።

ቅዳሜ

ዛሬ የሆነውን እንዴት ልጻፈው።

መብራት ሄደ። አዲስ ነገር አይደለም፤ መብራት ይሄዳል፣ አባባ «ተከሰከስን!» ይላል፣ እንስቃለን፣ ሻይ ይጠጣል። ዛሬ ግን ኮምፒውተሩ ድርግም ሲል ከወንበሩ ብድግ አለና ጮኸ። አባባ ጮኾ አያውቅም፤ አርባ ተማሪ ሲረብሸው ጠመኔ ወርውሮ እንኳን አያውቅም።

«ባሕሩ ላይ! ባሕሩ ላይ ጥዬው!»

ሮጬ ደረስኩ። «የኤደን ባሕረ ሰላጤ ላይ ነበርን» አለኝ፤ ሕፃን ልጅ የተሰበረ ነገር ይዞ እንደሚያሳይ አድርጎ አየኝ። «አባባ፣ ጨዋታ እኮ ነው» አልኩት። ምነው ምላሴ በተቆረጠ! አልተቆጣኝም። ሲሙሌተር በይ አላለኝም። ጥቁሩ ስክሪን ፊት ተመልሶ ተቀመጠና መብራቱ እስኪመጣ አልነቃነቅም አለ። ምሳ አልበላ፣ ኪኒኑን በግድ ነው ያስዋጥኩት። መብራት ሲመጣ ካቆመበት አይደለም፤ እንደገና ከዱባይ ጀመረ።

ወርጄ ለጋሼ በቀለ ደወልኩ። መጡ፤ እትዬ ዘነበች ቤት በር ላይ ቆምን። «ጋሼ፣ አእምሮው እየተነካ ነው መሰለኝ። ሰዓት ይሳሳታል። ባሕር ላይ ጣልኩት እያለ ይጮኻል። ሳንነግረው ሊሞትብን ነው፤ ማክሰኞ ድረስ አልችልም፣ ዛሬውኑ ንገሩት።» ሬሳው ማክሰኞ ንጋት ላይ እንደሚገባ የነገሩኝ ትናንት ነው።

ዓይኔን ማየት አቃታቸው። መሬት መሬት እያዩ «አይሆንም» አሉ።

«ለምን አይሆንም?»

«አይሆንማ! በቃ አይሆንም! ኧረ ተዉኝ፣ ሁላችሁም ገደላችሁኝ!»

ሁላችሁም? እኔ ብቻዬን አይደለሁ እንዴ የለመንኳቸው? ሽማግሌ ሲጨንቀው የሚናገረውን አያውቅም። ባርኔጣቸውን ደፍተው ሄዱ። እትዬ ዘነበች በር ላይ ሆነው ከንፈራቸውን መጠጡ። እኝህ ሴትዮ ከንፈር ሲመጥጡ አራተኛ ፎቅ ይሰማል።

ፈራሁ። ምን እንደምፈራ ልጻፍ፤ ማክሰኞ ጠዋት ነግረውት፣ ወድቆ፣ ሁለት ሬሳ ይዤ ልደታ ማርያም እንዳልሄድ ነው። ሌላ ፍርሃት የለኝም።

እሁድ

ዳዊት እሁድ እሁድ ነው የሚደውለው። ከምሳ በኋላ። አንድ እሁድ ቀርቶ አያውቅም።

ምሳ በላን ልበል? ሳህኑ ፊት ተቀመጥን። ስልኩ ጠረጴዛው ላይ ነው። እኔ ስልኩን እንዳላይ ግድግዳውን አያለሁ፤ አባባ ስልኩን እንዳያይ እኔን ያያል። ሰዓቱ ደረሰ። አለፈ። ድንገት ጠራ! ሁለታችንም ዘለልን፤ የውሃው ብርጭቆ ተገለበጠ። የተሳሳተ ሰው ነው፤ ቆርቆሮ ስለሚሸጥ ሰው ይጠይቃል። «አይ፣ እዚህ ቆርቆሮ የለም» ብዬ ዘጋሁ።

አባባ ውሃውን በሶፍት እየጠረገ «መስመሩ ነው፤ ከኦማን መስመር አስቸጋሪ ነው» አለ። በጣም ቀስ ብሎ፣ በጣም በፍቅር። ውሸቴን መልሶ ለኔው ነገረኝ። ራሱን ሲያጽናና መሰለኝ። መታጠቢያ ቤት ገብቼ ቧንቧ ከፍቼ አለቀስኩ፤ ውሃ የለም፤ ቧንቧው ፉስ ፉስ ቢልም ለቅሶዬን አልሸፈነልኝም። ስወጣ አባባ ሬዲዮኑን ከፍ አድርጎ ከፍቶታል። ሬዲዮ እኮ አይወድም።

ከሰዓት እትዬ ዘነበች ንፍሮ በሰፌድ ይዘው ብቅ አሉ። ንፍሮ! በሩ ላይ ይዤ ልገድላቸው ነበር።

«እትዬ፣ ምን ነካዎት? ገና ሳይነገር!»

«ውይ ልጄ፣ ስንዴው ቀድሞ ተነክሮ ነበር፣ እንዳይበላሽ ብዬ እኮ ነው።»

«ይመልሱት! ለቅሶ ቤት ነው አሉት እንዴ?»

«አይደለም እንዴ?» አሉኝና እሳቸውም ደነገጡ፤ እኔም። ነጠላቸውን ሰፌዱ ላይ ጣል አድርገው እየተመነቀሩ ወረዱ። አባባ ከሳሎን «ማነው?» አለ። «እትዬ ዘነበች፤ ጨው ፈልገው።» «ስጫቸው» አለ። የእድሩን ድንኳን ብረት ከታች ሲያራግፉ ይሰማል፤ ቅንግል ቅንግል። እሱን ምን ብዬ ልዋሽ ነው ብዬ ስጨነቅ፣ አባባ ተነስቶ የበረንዳውን በር ዘጋው። «ሠርግ ይኖራቸው ይሆናል» አለ።

ሰኞ

የዛሬውን እንደምንም ልጻፈው።

ጋሼ በቀለ ጠዋት ደውለው «ሳጥኑ ዛሬ ሌሊት ይጫናል» አሉኝ። አባባ ከኪዳን ሲመለስ ኮምፒውተሩን ከፈተና፣ ተነስቶ የፕላስቲኩን ወንበር ከጎኑ አደረገ። ዳዊት ሲያስተምረው የሚቀመጥበት ነው። «ዛሬ አጠገቤ ተቀመጪ።» ተቀመጥኩ።

ዱባይ። ሦስት ሰዓት። ጨለማ። ተነሳን። የከተማው መብራት ወደ ኋላ ቀረና በረሃው መጣ፤ መስኮቱ ላይ ምንም የለም። አባባ አውቶፓይለቱን አብርቶ እጁን ጉልበቱ ላይ አኖረ፤ ዓይኑን ግን ከመስኮቱ አልነቀለም። እንዲህ ሆነን በረርን። እንቅልፍ ወስዶኝ ነበር፤ የነቃሁት ትከሻው ላይ ነው። አፋር ላይ ጎህ ሲቀድ ደረስን፤ መጀመሪያ ግራጫ፣ ከዚያ ትንሽ ቀላ። ተራራው ታየ። የኛ ተራራ ነው፣ እንጦጦ።

ጎማውን አወረደ። አባባ ሲያሳርፍ ሁሌም ገጭ ነው የሚያደርገው፤ ዳዊት «አባባ፣ መንገደኛው ወገቡ ተቆረጠ!» እያለ ይሞት ነበር በሳቅ። የማሽኑ ድምፅ መቁጠር ጀመረ። የአባባ እጅ ጆይስቲኩን የያዘው እንደ እንቁላል ነበር። መሬት መንካታችንን ያወቅሁት ማኮብኮቢያው በጎናችን መሮጥ ሲጀምር ነው። እንዲህ አርፎ አያውቅም። ትንፋሹን ለቀቀና ለራሱ እንደሚያወራ፤

«ቀስ ብዬ ነው ያወረድኩት፤ እንዳይንገላታ።»

አለና ጆይስቲኩን ለቀቀ። ዞሮ አየኝ። ፊቱ ላይ ያለው ኀዘን አልነበረም፤ ድንጋጤ ነው። ምስጢር ያመለጠው ሰው ፊት።

«ማን?» ብዬ መጠየቅ ነበረብኝ። የማያውቅ ሰው እንዲያ ይጠይቃል። አልጠየቅሁም። ባለመጠየቄ አወቀብኝ።

«ታውቂያለሽ?»

«አንተስ?»

አውሮፕላኑ ማኮብኮቢያው ላይ ቆሟል፤ ሞተሩ አልጠፋም።

«ረቡዕ ማታ» አለኝ። «ሊዝበንን ልነግረው ደወልኩ። ያነሳው ፍፁም ነው። 'አባባ' ብቻ አለኝ። ሲያለቅስ ሰማሁት። አልጠየቅሁትም፤ ዘጋሁና በእግሬ ወደ በቀለ ሄድኩ። በቀለ ሲያየኝ እግሬ ላይ ወደቀ። እኔ አልወደቅሁም፤ አንቺን አሰብኩ። 'ሰናይት እንዳትሰማ፤ ልጇ ነው፣ ሬሳው ሳይመጣ ከሰማች ታብድብኛለች' አልኩት። አስማልኩት።»

ምስኪን ጋሼ በቀለ! እኔ በአባቴ፣ አባቴ በኔ አስምለናቸው፣ ሁለት መሐላ ተሸክመው ሲሄዱ ከርመዋል። እኔ ደግሞ ልበ ቢስ ናቸው ስል።

«ታዲያ ጨለማው? ስድስቱን የረሳህ መስሎኝ...»

«ምን እረሳለሁ። ሬሳ የሚጭነው የሌሊቱ በረራ ነው አለኝ በቀለ።» ስክሪኑን በጣቱ ነካው። «ሬሳ ብቻውን አይሄድም፣ ሰኒ። ሰው ይከተለዋል። ዳዊትን ማን ይከተለው? እኔ አውሮፕላን ላይ ወጥቼ አላውቅ። በየት በኩል እንደሚያመጡት ልወቅ ብዬ ነው። ተከተልኩት። ቅዳሜ ባሕሩ ላይ ጠፋብኝ እንጂ ሌላውን ቀን አድርሼዋለሁ።»

ልጮህ አፌን ስከፍት እጄን ያዘኝ። «አሁን አይደለም። ሳይነገር አይለቀስም። በቀለንም ሽማግሌዎቹንም አናሳፍር፤ ዝም አይነቅዝም። ነገ ይምጡና ይንገሩን።» እኔን በዝምታ የሚችል አባት ነበረኝ ለካ። ይሞትብኛል እያልኩ የጠበቅሁት ሰው ስድስት ቀን ሙሉ እኔን ሲጠብቅ ነበር።

የደም ግፊቱን ኪኒን ሰጠሁት። ዛሬ ሁለታችንም በላን፤ ትንሽ፣ ግን በላን።

ማክሰኞ

ገና ሳይነጋ ለብሰን ተቀምጠን ነበር። ደረጃው ላይ የብዙ ሰው ኮቴ ሲወጣ ሰማን፤ ለመርዶ የሚመጣ ሰው ኮቴውን እየቀነሰ ነው የሚረግጠው። በሩን ሳይቆረቁሩት ከፈትነው፤ አባባና እኔ፣ ጎን ለጎን። ጋሼ በቀለ ከፊት ናቸው፤ ከኋላቸው ሦስት ሽማግሌዎችና ሐኪሙ፤ እትዬ ዘነበች ደረጃው ላይ። ጋሼ አባባን አዩ፣ እኔን አዩ፣ የለበስነውን ጥቁር አዩ። የተዘጋጁበት ንግግር ጠፋባቸው።

«ግባ» አለ አባባ። «ግባና ተናገር። የመጣህበትን ንገረን።»

«መምህር፣ ወንድሜ...»

«ንገረን፣ በቀለ። ካልነገርከን አይሞትም።»

ተናገሩ። «ዳዊት አርፏል» አሉ። ሁለት ቃል ነው። እኔ ሳምንቱን ሙሉ የማውቃቸው ሁለት ቃላት ናቸው፤ ስሰማቸው ግን አዲስ ሆኑብኝ። ጮህኩ። እግዜር ይስጣቸው ማንም ዝም በይ አላለኝም። ጉሮሮዬ እስኪቀደድ «ልጄ! ልጄ!» አልኩ። ወንድሜ ማለት አልመጣልኝም። እትዬ ዘነበች ደረታቸውን እየመቱ ተቀበሉኝ፤ ሁሉም ቤት በሩን ከፈተ። ሐኪሙ የአባባን ክንድ በግፊት መለኪያው ለመጠቅለል ይታገላል፤ አባባ «እሷን እያት፣ እሷን እያት» ይለዋል።

አባባ ሲያለቅስ ድምፁን ሰማሁት። እማዬ ስትሞት አላየሁትም ነበር፤ ሆስፒታል ነው የቆየው። ወፍራም ለቅሶ ነው የሚያለቅሰው፤ ቤቱን ያናውጠዋል። ግን አልወደቀም። ቆሞ አለቀሰ።

ሊነጋጋ ሲል አንድ አውሮፕላን በላያችን መጣ። እኛ ሰፈር ሁሌም ያልፋል፣ ማንም ቀና አይልም። ዛሬ ለቀስተኛው ሁሉ ጸጥ አለ። አባባ ሰዉን ገፍቶ በረንዳው ላይ ወጣ፤ ተከተልኩት። መብራቱን አብርቶ፣ ጎማውን አውርዶ፣ በጣም ዝቅ ብሎ ይሄዳል። አባባ ሞተሩን አዳመጠ። አንገቱን ነቀነቀ።

«ፈጠን ብሏል» አለ። ከዚያ ሁለት እጁን ወደ ላይ አነሳና ጮኸ፤ «ቀስ በል! ቀስ በል አንተ፣ ልጄን ይዘሃል!»

ከታች ድንኳኑ ሥር የተቀመጡት ወንዶች ሁሉ ተነስተው ቆሙ።

አሁን ማታ ነው። ቀብረነው ተመልሰናል። ድምፄ ዘግቷል፣ ግን ቀሎኛል፤ ሆዴ ውስጥ የነበረው ድንጋይ ወጥቷል፣ ቦታው ያመኛል እንጂ። ሐኪሙ የአባባን ግፊት ሦስት ጊዜ ለካ፤ «ከናንተ ከሁላችሁም ይሻላሉ» አለ። ሰው ሞልቷል፤ እትዬ ዘነበች ንፍሯቸውን በኩራት ያዞራሉ። አባባ ፍራሹ ላይ ጋደም ብሎ እንቅልፍ ወስዶታል። ራሴን አሞኛል ብሎ ነው የተኛው። ጎንበስ ብዬ ጆሮዬን አፍንጫው ጋ አደረግሁ። ይተነፍሳል። ይቺን እየጻፍኩ ሁለት ጊዜ ተነስቼ ሄጃለሁ፤ አሁንም ልሂድ።